ነጥቡ የተሟላ ፖኬሞን እንዴት ይራባል? ከመጀመሪያው ጥንድ እስከ መጨረሻው እንቁላል

ባለፈው ክረምት፣ ሐዋሳ ውስጥ ፍቅር ሐይቅ አጠገብ ካለ አንድ ካፌ፣ ሁለት ወጣቶች ኒንቴንዶ ስዊች የሚባለውን የጨዋታ መሣሪያቸውን ፊት ለፊት ይዘው፣ ፖኬሞን የሚባሉ ፍጡራንን በሚያዋጉበት የቪዲዮ ጨዋታ ሲፋለሙ አጠገባቸው ተቀምጬ እመለከት ነበር። አንደኛው ጋርቾምፕ፣ ሌላው ቻሪዛርድ የሚባል የፖኬሞን ዝርያ አሰልፏል። የጋርቾምፑ ባለቤት የጋርቾምፕ መነሻ ፍጥነት 102፣ የቻሪዛርድ ደግሞ 100 መሆኑን በቃሉ ስለሚያውቅ፣ ሁለቱም በፍጥነት እስከ ጥግ ከሠለጠኑ ቀድሞ የሚመታው የእርሱ እንደሚሆን አልተጠራጠረም። ቻሪዛርዱ ግን ቀደመና ቀድሞውንም ተጎድቶ የነበረውን ጋርቾምፕ ድራጎን ፐልስ በሚባል ምት ጣለው። ልጁ ጨዋታው ተበላሽቷል ብሎ ተከራከረ። ዝርዝሩን ከፍተን ስናይ በ50ኛ ደረጃ የእርሱ ፍጥነት 166፣ የተጋጣሚው 167 ሆኖ አገኘነው። በሥልጠናው ምንም አላጓደለም፤ የጎደለው ነጥብ ፖኬሞኑን ከሜዳ ሲይዘው አብሮት የመጣ ጉድለት ነበር።

ይህ መመሪያ እንዲህ ያለውን ጉድለት ከምንጩ ለማስቀረት፣ ማለትም የሚፈለገውን ነጥብ ይዞ የሚወለድ ፖኬሞን ለማራባት የሚከተሉትን መንገድ ያስረዳል። ምሳሌዎቹ በ2022 ከወጡት የፖኬሞን ጨዋታዎች፣ ከስካርሌት እና ከቫዮሌት የተወሰዱ ናቸው፤ የውርስ ሕጉ ግን በ2019 በወጡት በሶርድ እና ሺልድም ያው ስለሆነ የእነዚያ ተጫዋቾችም ሊጠቀሙበት ይችላሉ። ብዙ ሰው ማራባትን የዕድል ጉዳይ አድርጎ ያየዋል። እኔ ደግሞ ከዕድል ይልቅ ለመዝገብ አያያዝ የቀረበ ሥራ ነው እላለሁ፤ ለምን እንደዚያ እንደምል ከታች ያሉት ቁጥሮች ያሳያሉ።

በመጀመሪያ ቁጥሮቹን ማወቅ

እያንዳንዱ ፖኬሞን ስድስት የአቅም መለኪያዎች አሉት፤ እነዚህም ጤና፣ ጥቃት፣ መከላከያ፣ ልዩ ጥቃት፣ ልዩ መከላከያ እና ፍጥነት ናቸው። የእያንዳንዱ መለኪያ የመጨረሻ ቁጥር ከአራት ነገሮች ይገነባል። አንደኛው የዝርያው መነሻ ቁጥር ነው፤ ይህ ለሁሉም ጋርቾምፕ አንድ ዓይነት ስለሆነ አያሳስበንም። ሁለተኛው ተጫዋቾች አይቪ የሚሉት የልደት ነጥብ ሲሆን፣ በእያንዳንዱ መለኪያ ላይ ከ0 እስከ 31 ሊሆን ይችላል። ሦስተኛው ኢቪ የሚባለው የሥልጠና ነጥብ ነው። አራተኛው ኔቸር የሚባለው ጠባይ ነው፤ በጠቅላላው 25 ጠባዮች ሲኖሩ፣ አምስቱ ምንም ለውጥ አያመጡም፣ ሌሎቹ 20ዎቹ ግን አንዱን መለኪያ በ10 በመቶ ከፍ፣ ሌላውን በ10 በመቶ ዝቅ ያደርጋሉ።

የካፌውን ጋርቾምፕ በዚህ እናስላው። መነሻው 102 ሲታጠፍ 204 ይሆናል። በዚህ ላይ የልደት ነጥቡ ይደመራል፤ ከዚያም የሥልጠና ነጥቡ ለአራት ተካፍሎ ይጨመራል፤ ሙሉ ሥልጠና 252 ስለሆነ ይህ 63 ይሰጣል። የልደት ነጥቡ 31 ቢሆን ድምሩ 298 ነው። በ50ኛ ደረጃ የዚህ ግማሽ 149 ይወሰድና 5 ተጨምሮ 154 ይሆናል፤ ፍጥነትን የሚያሳድገው ጆሊ የተባለው ጠባይ 10 በመቶ ሲጨምርበትና ክፍልፋዩ ሲቀር 169 ይደርሳል። ልደቱ 26 ከሆነ ደግሞ ድምሩ 293፣ ግማሹ ክፍልፋዩ ቀርቶ 146፣ አምስት ሲጨመር 151፣ ከጠባዩ በኋላ 166 ይሆናል። ቻሪዛርድ ሁሉ ነገር ሲሟላለት የሚደርሰው 167 ነው። እንግዲህ የልጁ ፖኬሞን 29 ወይም 30 ይዞ ቢሆን ኖሮ 168 ደርሶ ያሸንፍ፣ 27 ወይም 28 ይዞ ቢሆን ደግሞ በ167 እኩል ሆነው ቀዳሚውን ዕጣ ይወስነው ነበር ማለት ነው።

ከ31 በታች ያለ ሁሉ ዋጋ የለውም የሚለው የተለመደ አባባል ስለዚህ ልክ አይደለም። በመከላከያ ላይ የ30 እና የ31 ልዩነት በ50ኛ ደረጃ ብዙ ጊዜ ጭራሽ አይታይም። በፍጥነት ላይ ግን አንዲት ነጥብ ማን ይቅደም የሚለውን ስለምትወስን፣ በምንም ነገር ቢደራደሩ በፍጥነት አይደራደሩ።

ምን እንደሚፈልጉ ሳይወስኑ አይጀምሩ

ስድስቱም ነጥብ 31 የሆነ ፖኬሞን በዘፈቀደ የመገኘት ዕድሉ 32 ለስድስት ጊዜ በራሱ ተባዝቶ የሚገኘው ነው፤ ይኸውም ከ1,073,741,824 አንድ። ማራባት ይህንን ቁጥር እጅግ ይቀንሰዋል፤ ቢሆንም ስድስቱንም ማሳደድ ለአብዛኛው ፖኬሞን የባከነ ጊዜ ነው። ጋርቾምፕ በአካላዊ ጥቃት የሚዋጋ ስለሆነ ልዩ ጥቃቱ 31 ይሁን 4 ማንም አይጠይቀውም፤ ጆሊ የተባለው ጠባይ ራሱ የሚቀንሰው ይህንኑ ልዩ ጥቃት ነው። ስለዚህ የምንፈልገው አምስት ነጥብ ነው፦ ጤና፣ ጥቃት፣ መከላከያ፣ ልዩ መከላከያ እና ፍጥነት።

ውሳኔዎን በወረቀት ላይ ያስፍሩ። ዝርያውን፣ ጠባዩን፣ አምስቱን መለኪያዎችና የሚፈልጉትን ችሎታ (ፖኬሞኑ ይዞት የሚወለደውን ልዩ ባሕርይ) በአንድ መስመር ይጻፉ። ለእኛ ምሳሌ መስመሩ እንዲህ ይላል፦ ጊብል፣ ጆሊ፣ ከልዩ ጥቃት በስተቀር ሁሉም፣ ችሎታው ራፍ ስኪን። ጊብል የምንለው ከእንቁላል የሚወጣው ሁልጊዜ የቤተሰቡ ታናሽ ስለሆነ ነው፤ ወደ ጋርቾምፕ የሚያድገው በኋላ ነው።

መሰብሰብ ያለባቸው ነገሮች

ሁለት ዕቃዎች የግድ ያስፈልጋሉ። የመጀመሪያው ኤቨርስቶን ነው፤ ከሁለቱ ወላጆች አንዱ ይህንን ድንጋይ ከያዘ የእርሱ ጠባይ ወደ ልጁ ያለ ምንም ጥርጥር ይተላለፋል። ሁለተኛው ዴስቲኒ ኖት የሚባለው ቀይ ክር ነው። በተለመደው ሁኔታ አንድ እንቁላል ከወላጆቹ የሚወርሰው ሦስት የልደት ነጥብ ብቻ ሲሆን የቀሩት ሦስቱ በዘፈቀደ ይወጣሉ፤ ክሩ ሲያዝ ግን አምስት ይወርሳል፤ በዘፈቀደ የሚወጣው አንድ ብቻ ይሆናል። የእያንዳንዱ የተወረሰ ነጥብ ምንጭ አባት ይሁን እናት በእኩል ዕድል ይወሰናል።

የክሩን ጥቅም በቁጥር እንየው። ሁለቱም ወላጆች እኛ የምንፈልጋቸውን አምስት ነጥቦች አሟልተው ይዘዋል እንበል። ያለ ክር አምስቱንም የያዘ ልጅ የሚገኘው በአማካይ ከ2,000 ገደማ እንቁላል አንዱ ነው። በክር ግን ከአምስት ገደማ አንዱ ነው። ዴስቲኒ ኖት ይህንን ኃይል ያገኘው በ2013 በወጡት ኤክስ እና ዋይ ነው፤ ከዚያ በፊት በነበሩት ጨዋታዎች ሲያራቡ የኖሩ ሰዎች ትዕግሥት ከየት እንደመጣ እስካሁን ይገርመኛል።

ሦስተኛው አስፈላጊ ነገር ዲቶ ነው። ዲቶ ሊራባ ከሚችል ከማንኛውም ፖኬሞን ጋር፣ ጾታ ሳይለይ ይጣመራል፤ ከሌላ ዲቶ ጋር ብቻ አይሆንለትም። በስካርሌትና ቫዮሌት ሜዳ ላይ ሌላ ፖኬሞን መስሎ ስለሚንቀሳቀስ ማግኘቱ ትንሽ ትዕግሥት ይፈልጋል። ከተቻለ ግን የሜዳውን ዲቶ ትተው በባለ አምስት ኮከብ ቴራ ሬይድ (ተጫዋቾች ተባብረው አንድ ጠንካራ ፖኬሞን የሚገጥሙበት ውጊያ) ውስጥ የሚገኘውን ይያዙ፤ ከዚያ የሚገኝ ፖኬሞን ቢያንስ አራት ነጥቡ 31 ሆኖ ይመጣል። አንድ እንዲህ ያለ ዲቶ ለብዙ ዝርያዎች ስለሚያገለግል ሁለትና ሦስት ማታ ቢወስድብዎም አይቆጭም።

ነጥቦቹን ለማየት ጨዋታው ፖኬሞኖች በሚቀመጡበት ሣጥን ውስጥ የሚከፍተውን የዳኝነት ገጽ ያስፈልግዎታል። በዚያ ገጽ ላይ ቤስት የሚለው 31ን፣ ፋንታስቲክ የሚለው 30ን፣ ኖ ጉድ የሚለው ደግሞ 0ን ያመለክታል። ያለዚህ ገጽ ማራባት በጨለማ መርፌ እንደመፈለግ ስለሆነ፣ ገጹ ሳይከፈትልዎ አይድከሙ።

ማን ከማን ይጣመራል?

ጨዋታው ዝርያዎችን የእንቁላል ቡድን በሚባሉ ቤተሰቦች ይከፋፍላቸዋል፤ ሁለት ፖኬሞኖች የሚጣመሩት ቢያንስ አንድ ቡድን ሲጋሩ እና አንዱ ወንድ ሌላዋ ሴት ስትሆን ነው። ጊብል በሁለት ቡድኖች፣ በሞንስተር እና በድራጎን፣ ውስጥ ስለሚገኝ ብዙ አማራጭ አለው። ልጁ የሚከተለው የእናቱን ዝርያ ነው። ስለዚህ ወንድ ቻርማንደር ከሴት ጊብል ጋር ቢጣመር የሚወለደው ጊብል ነው፤ ከዲቶ ጋር ሲሆን ደግሞ ዲቶ ያልሆነው ወላጅ ዝርያ ይወረሳል።

በእኛ አገር ለጋብቻ እስከ ሰባት ቤት ይቆጠራል። እዚህ ግን ወንድምና እህት፣ እናትና ልጅ ቢጣመሩ ጉዳትም ቅጣትም የለውም፤ እንዲያውም ከታች እንደምናየው መንገዱ የሚያጥረው በዚህ ነው። አንድ ጓደኛዬ ይህን ስነግረው ከማመን ይልቅ ማፈሩ ቀድሞት ነበር።

ሥራው ደረጃ በደረጃ

መነሻችን የሚከተለው ነው እንበል። ጆሊ የሆነች፣ በጥቃት ላይ ቤስት የሚል ምልክት ያላት አንዲት ጊብል ከሜዳ ይዘናል። ከሬይድ ያገኘነው ዲቶ ደግሞ ጤናው፣ መከላከያው፣ ልዩ መከላከያውና ፍጥነቱ ቤስት ነው። ሁለቱ ተደምረው የሚያስፈልጉንን አምስቱንም ነጥቦች ይዘዋል፤ ይህ መሠረታዊ ነገር ነው። አንድ ነጥብ ከሁለቱም ወላጆች ከጠፋ፣ ልጁ ሊያገኘው የሚችለው በዘፈቀደ ከምትወጣው አንዲት ቦታ፣ ያውም በ32 አንድ ዕድል ብቻ ነው።

ለጊብሏ ኤቨርስቶኑን፣ ለዲቶው ክሩን ያስይዙ። ቦታ አይለዋውጡ፤ ዲቶው ድንጋዩን ከያዘ የሚተላለፈው የዲቶው ጠባይ ነው። ከዚያም ከቡድንዎ ውስጥ ከእነዚህ ከሁለቱ በስተቀር ሌሎቹን ሁሉ ወደ ሣጥን ይመልሱ፤ በስካርሌትና ቫዮሌት ጥንዶቹ እንቁላል የሚሰጡበት ፒክኒክ ሲደረግ በቡድኑ ውስጥ ያሉ ሌሎች ተስማሚዎችም ስለሚጣመሩ ቅርጫቱ ባልተፈለገ እንቁላል ይሞላል። ፒክኒኩን ይክፈቱ፣ እንቁላል የሚያበረክት ኃይል ያለው ሳንድዊች ይሥሩ፤ ሙዝና የለውዝ ቅቤ ያለበት ሳንድዊች ከእነዚህ አንዱ ነው። ኃይሉ 30 ደቂቃ ይቆያል፤ አቦሉ ተቀድቶ ቶናው እስኪደርስ ያለው ጊዜ በግምት ይበቃዋል። በየጥቂት ደቂቃው ከጠረጴዛው አጠገብ ያለውን ቅርጫት ይመልከቱ። በሶርድና ሺልድ ይህ ሁሉ የለም፤ ጥንዱን ለማቆያው ሰጥተው እየተመላለሱ እንቁላሉን ይቀበላሉ።

እንቁላሎቹ ሲሰበሰቡ ወላጆቹን ወደ ሣጥን መልሰው፣ ፍሌም ቦዲ የሚባል ችሎታ ያለው ፖኬሞን፣ ለምሳሌ ላርቬስታን፣ ከአምስት እንቁላሎች ጋር ይያዙ። ይህ ችሎታ ለመፈልፈል የሚያስፈልገውን ጉዞ በግማሽ ያሳጥረዋል።

አሁን ሰው ሁሉ የሚሳሳትበት ቦታ ላይ ደርሰናል። ብዙዎች የመጀመሪያውን ጥንድ ሳይቀይሩ፣ አምስቱንም የያዘው ልጅ አንድ ቀን ይወጣል ብለው እንቁላል በእንቁላል ላይ ይቆልላሉ። ከዚህ ጥንድ አምስቱንም በአንድ ጊዜ የማግኘት ዕድል ግን ከ146 አንድ ነው። በምትኩ አራቱን የያዘ፣ ከአራቱም አንዱ ጥቃት የሆነ ልጅ ሲገኝ ወዲያውኑ በእናቱ ቦታ ይተኩት። እንዲህ ያለው ወይም ከዚያ የተሻለ ልጅ በአማካይ ከ14 እንቁላል አንዱ ነው። ጥቃት ለምን የግድ ሆነ ቢባል፣ የቀሩትን አራቱን ዲቶው ራሱ ስለያዘ ነው፤ ከዲቶው ጋር አንድ ዓይነት አራት የያዘ ልጅ ለዓይን ያምራል እንጂ ወደ ግብ አያደርሰንም።

የተመረጠው ልጅ ለምሳሌ ልዩ መከላከያው ብቻ ጎድሎታል እንበል። ድንጋዩን ከእናቱ ወስደው ለእርሱ ያስይዙ፤ ጠባዩ ከእናቱ የወረሰው ጆሊ ነውና መስመሩ አይቋረጥም። ከዚያው ዲቶ ጋር ሲጣመር በሦስት ነጥቦች ላይ ሁለቱም ወላጆች ሙሉ ስለሆኑ ነጥቡ ከማንም ቢወረስ ግድ የለንም፤ ዕጣ የሚጣለው ጥቃት ከልጁ፣ ልዩ መከላከያ ከዲቶው ይምጣ በሚለው ላይ ብቻ ነው። አምስቱንም የማግኘት ዕድል ከ20 ወደ አንድ ይጠጋል። በአማካይ 14 እንቁላል ለመጀመሪያው እርከን፣ 20 ለሁለተኛው፣ በድምሩ 34 መሆኑ ነው፤ ሳይቀይሩ የሚጠብቁት ግን 146 ያስፈልጓቸዋል። ከላይ የመዝገብ ሥራ ነው ያልኩት ለዚህ ነው፤ የሚያፈጥነው ዕድል ሳይሆን የትኛው ልጅ ምን እንደያዘ ተከታትሎ በወቅቱ መቀየር ነው።

አንድ ባለ አምስት ከወጣ ሥራው በዚያ ሊያበቃ ይችላል። ለጓደኞችም የሚሆን ብዙ ቅጂ ከፈለጉ ግን፣ ተቃራኒ ጾታ ያለው ሌላ ባለ አምስት እስኪመጣ ይቀጥሉና ዲቶውን አሰናብተው ሁለቱን ልጆች ያጣምሩ። ከዚያ በኋላ ከአምስት ገደማ እንቁላል አንዱ ሙሉ ሆኖ ይወጣል። በዚህ እርከን እንኳ አሥር እንቁላል ፈልፍለው አንድም ያላገኙ ከ100 ሰው 12 ያህሉ ይሆናሉ፤ ስለዚህ ከአሥረኛው በኋላ ዕቃ የያዙበትን ሁኔታ አንድ ጊዜ ይፈትሹ፣ ልክ ከሆነ ግን ጥንዱን አይቀያይሩ።

መዝገቡን በተመለከተ እኔ በደብተር ላይ ለእያንዳንዱ ጥንድ አንድ ገጽ እሰጣለሁ። ወላጆቹ የያዙትን ነጥቦች በመጀመሪያ ፊደላቸው ከላይ አሰፍራለሁ፤ ከሥሩ ቢያንስ ሦስት ቤስት ያላቸውን ልጆች ብቻ እጽፋለሁ። ከሦስት በታች የሆኑትን መጻፍ ደብተር ማባከን ነው። ሣጥኖችም 30 ቦታ ስላላቸው አንዱን ለወላጆች፣ አንዱን ለተመረጡ፣ አንዱን ለሚለቀቁ ለይቶ መያዝ ከስህተት ያድናል። አንድ ምሽት መብራት ጠፍቶ፣ በቀረችው ባትሪ ስፈለፍል ባለ አምስቱ ጊብል ወጣልኝ። ጨዋታው በራሱ እንዲያስቀምጥ የሚያዘውን ምርጫ ቀደም ብዬ ዘግቼው ነበርና፣ ደብተሩ ላይ በደስታ ስጽፍ ሳላስቀምጥ ባትሪው አለቀ። ጠዋት ስከፍተው ጊብሉ ያለው ደብተሩ ላይ ብቻ ነበር።

ችሎታን አትርሱ

ነጥብን እያሳደዱ ችሎታን መዘንጋት በጣም የተለመደ ነው። የጊብል ተራ ችሎታ ሳንድ ቬል ሲሆን፣ ስውር የሆነው ራፍ ስኪን የሚነካውን ጠላት ስለሚጎዳ በውጊያ የሚመረጠው እርሱ ነው። ስውር ችሎታን እናት፣ ወይም ከዲቶ ጋር ሲሆን ዲቶ ያልሆነው ወላጅ፣ በ60 በመቶ ዕድል ታስተላልፋለች። ይህ በሁለተኛው እርከን ላይ ሲታከል ከ20 አንድ የነበረው ከ33 ወደ አንድ ይሰፋል። በየእርከኑ ስውር ችሎታ የሌለውን ልጅ፣ ነጥቡ ምንም ቢያምር፣ ወላጅ አድርገው ቢሾሙት መስመሩ በዚያው ይቋረጣል። ተራውን ችሎታ ወደ ስውር የሚቀይረው አቢሊቲ ፓች በእጅዎ ካለ ግን በማራባቱ ጊዜ ችሎታን ፈጽሞ ትተው በመጨረሻ አንዱን ብቻ ማስተካከል ይሻላል። ዕቃው በቀላሉ የሚገኝ ባይሆንም፣ አንዱን መስጠት በርካታ ምሽቶችን ይቆጥባል።

የውጊያ ምቶችን በተመለከተ ብዙ መጨነቅ አያስፈልግም። ዝርያው በእንቁላል ብቻ የሚያገኛቸውን ምቶች በስካርሌትና ቫዮሌት ሚረር ኸርብ የሚባለውን ቅጠል አስይዞ፣ አንድ የምት ቦታ ባዶ አድርጎ፣ ምቱን ከሚያውቅ ፖኬሞን ጋር ፒክኒክ በማድረግ ከተወለደም በኋላ ማስተማር ይቻላል።

31 የማይፈለግበት ጊዜ

በልዩ ጥቃት ብቻ የሚዋጋ ፖኬሞን ጥቃቱ ዝቅ ቢል ይጠቅመዋል። ፋውል ፕሌይ የተባለው ምት ጉዳቱን የሚያሰላው በተመቺው ጥቃት ነው፤ ግራ የተጋባ ፖኬሞን ራሱን ሲመታም የሚሰላው በራሱ ጥቃት ነው። ትሪክ ሩም በሚባለው ስልት ለሚጫወቱ ደግሞ ለአምስት ዙር ዝግተኛው ስለሚቀድም ፍጥነት 0 ሆኖ ሊፈለግ ይችላል። እንዲህ ሲሆን ኖ ጉድ የሚል ምልክት ያለው ወላጅ ሲያገኙ አይልቀቁት፤ ከ31 እኩል ይከበራል። ፍጥነቱን ለይቶ ለማስተላለፍ ፓወር አንክሌትን የመሰለ ዕቃ አለ፤ ፖኬሞኑ ይህን ከያዘ የእርሱ ፍጥነት በእርግጠኝነት ይወረሳል። ለሌሎቹ አምስት መለኪያዎችም ለየራሳቸው እንዲህ ያለ ዕቃ አላቸው። አንድ ወላጅ መያዝ የሚችለው አንድ ዕቃ ብቻ ስለሆነ ግን ይህን ሲያስይዙ ወይ ድንጋዩን ወይ ክሩን እንደሚያስቀሩ ይወቁ።

አቋራጮቹ እና ወሰናቸው

ከ2016ቱ ሰን እና ሙን ጀምሮ ሃይፐር ትሬኒንግ የሚባል አቋራጭ አለ። የጠርሙስ ቆርኪ ሰጥተው የጎደለውን መለኪያ 31 እንደሆነ ያህል ማስቆጠር ይቻላል፤ በስካርሌትና ቫዮሌት ለዚህ የሚያስፈልገው 50ኛ ደረጃ ነው። የካፌው ልጅም ጋርቾምፑን ከመጣል ይልቅ በዚህ መንገድ ሊያድነው ይችል ነበር፤ ነገር ግን በዚህ የተሞላ ነጥብ ወደ ልጅ አይወረስም፤ እንቁላሉ የሚያየው የመጀመሪያውን እውነተኛ ነጥብ ነው። ጠባይን በሚቀይረው ሚንት የተባለ ቅጠልም እንዲሁ ነው፤ ውጤቱን እንጂ ጠባዩን ስለማይለውጥ ኤቨርስቶን የሚያስተላልፈው የቀድሞውን ነው። በዚህ ሁለት ነገር ተታልሎ ወላጅ የሾመ ሰው ሃምሳ እንቁላል ፈልፍሎ ምን እንደጎደለ ሳይገባው ይቀራል። እንዲሁም ሃይፐር ትሬኒንግ ወደ ላይ እንጂ ወደ 0 አያወርድም፤ ስለዚህ ዝግተኛ ፖኬሞን ለሚፈልግ ሰው አይረዳም። የእኔ ፍርድ ይህ ነው፦ ለአንድ ፖኬሞን አንድ ነጥብ ከጎደለ ቆርኪ ይጠቀሙ፤ የወላጅ መስመር ለማቋቋም ከሆነ ግን ያራቡ።

በነገራችን ላይ፣ ቀለሙ የተለየ የሚያብረቀርቅ ፖኬሞን ለሚፈልጉ፣ ወላጆቹ በተለያየ ቋንቋ ከተዘጋጁ ጨዋታዎች የመጡ ከሆኑ ዕድሉ ከ4,096 አንድ ወደ 683 አንድ ያህል ይሻሻላል። ይህ ዘዴ በጨዋታው አዘጋጅ በጁኒቺ ማሱዳ ስም ይጠራል። ጨዋታው በአማርኛ ስለማይዘጋጅ እኛ በዚህ በኩል የራሳችን ድርሻ የለንም፤ ሆኖም ከውጭ አገር ዘመድ በፈረንሳይኛ ወይም በጃፓንኛ የተያዘ ዲቶ ማስመጣት ይቻላል።

ከእንቁላሉ በኋላ

የተወለደው ጊብል ገና ጥሬ ዕቃ ነው። የሥልጠና ነጥብ በጠቅላላው 510፣ በአንድ መለኪያ ደግሞ 252 ድረስ ብቻ ይፈቀዳል። ለእኛ ጋርቾምፕ 252 ለጥቃት፣ 252 ለፍጥነት፣ 4 ለጤና ይሰጣል፤ የቀሩት ሁለት ነጥቦች ምንም አይጨምሩም። ገንዘብ ካለዎት ለጥቃት ፕሮቲን፣ ለፍጥነት ካርቦስ የሚባሉትን ቪታሚኖች 26፣ 26 መስጠት ከሁሉ ፈጣኑ ነው፤ አንዱ 10 ነጥብ ስለሚጨምር 25ቱ 250 ያደርሱታል፣ 26ኛው የቀረውን ሁለት ይሞላል። ገንዘብ ከሌለ ደግሞ ጥቃት ወይም ፍጥነት የሚሰጡ የሜዳ ፖኬሞኖችን እየመረጡ መዋጋት ነው።

በመጨረሻ ሣጥንዎ ውስጥ አራት ነጥብ የያዙ ብዙ ጊብሎች ይቀራሉ። አይልቀቋቸው። ሁለት ስዊቾች ጎን ለጎን ሲሆኑ ያለ ኢንተርኔት መለዋወጥ ስለሚቻል፣ ለጀማሪ ተጫዋች ጆሊ የሆነች ሴት ጊብል ከአራት ቤስት ጋር ቢሰጡት የመጀመሪያውን እርከን ሙሉ በሙሉ ያስዘልሉታል። እንዲያውም በልውውጥ የመጣ ፖኬሞን ከራስዎ ጋር ሲጣመር ባለቤቶቹ ስለሚለያዩ እንቁላል ቶሎ ቶሎ ይገኛል። ከካፌው ልጅ ጋር ያደረግነው ይህንኑ ነው፤ እኔ ጊብሏን ሰጠሁት፣ እርሱም በባለ አምስት ኮከብ ሬይድ የያዘውን፣ እኔ ያልነበረኝ የጥቃት ቤስት ያለበትን ዲቶ ሰጠኝ።